የክንዴ አፅም ሲገባ

«እሷ የነካችውን ጨርቅ ሁሉ ለብቻ አውጡት፤ ይቃጠላል። አጥንቱን ግን ቀስ አድርጋችሁ!»

እማዋይሽ ከእንቅልፏ የነቃችው በዚህ ድምፅ ነው። የአጎቷ የቀኛዝማች አዘዘ ድምፅ ነበር፤ የመጣውም ከግድግዳው ባሻገር፣ የአባቷ አፅም ካደረበት ክፍል። ቤቱ ጣልያን ለመኮንኖቹ ከጎንደር ፒያሳ ዝቅ ብሎ ከሠራቸው አንዱ ነው፤ ከውጭ ሲያዩት ምሽግ ይመስላል፣ ከውስጥ ግን ግድግዳው ሳል እንኳ የማያስቀር ስስ ነው። ነጠላዋን ደርባ በባዶ እግሯ ወጣችና በተገርበበው በር አየች። ከሱዳን፣ ከገዳሪፍ በሰሊጥ መኪና ተጭኖ የመጣው የሻይ ሳጥን ክዳኑ ተነሥቷል። አንድ ዲያቆን እጁን እስከ ክርኑ በጨርቅ ጠቅልሎ የአባቷን አጥንት አንድ በአንድ እያነሣ ጠበል ይረጭበታል፤ ከዚያ ትናንት ከገበያ በተገዛ አዲስ አቡጀዲ ላይ ያኖረዋል። እናቷ ገዳሪፍ ከመቃብሩ ጫፍ ተቀምጣ፣ ማንንም ሳታስጠጋ፣ የራስ ቅሉን እንደ ሕፃን ራስ በመዳፏ ደግፋ አጥባ የጠቀለለችበት ጨርቅ ከበሩ ሥር ተወርውሮ ወድቋል። ከመስኮቱ አጠገብ፣ ዝቅ ካለች በርጩማ ላይ፣ የአባቷ የቁርባን ሚስት ወይዘሮ ወለተሩፋኤል ተቀምጠው መቁጠሪያቸውን ይቆጥራሉ።

«አያ አዘዘ፣ ምን እያረጋችሁ ነው?»

ቀኛዝማች ዘወር አሉ። «ነቃሽ? ምነው ልጄ፣ ገና ጎህ አልቀደደም፤ ተኚ እንጂ።»

«እናቴ አጥባዋለች። በንጹሕ ውሃ ነው ያጠበችው።»

«ውሃውስ ንጹሕ ነው፤ እጁ ነው እንጂ» አሉ። በቁጣ አልነበረም፤ ዛሬ ዝናብ ሳይመጣ አይቀርም እንደሚል ሰው ነበር።

ወይዘሮ ወለተሩፋኤል መቁጠሪያቸውን ገታ አድርገው «ነይ ግቢ ልጄ፤ ሲሚንቶው እግርሽን ያቀዘቅዘዋል» አሉና ጋቢያቸውን ገለጥ አድርገው አጠገባቸው ቦታ ሠሩላት። እማዋይሽ አልገባችም። ሴትዮዋ ገና መኪናው ደጃቸው ከቆመበት ሰዓት ጀምረው «ልጄ» ይሏታል። በሕይወታቸው ልጅ አልወለዱም፤ ቃሉን ሲያወጡት አዲስ ጫማ የሚለካ ሰው ይመስላሉ፤ ጠበብ ይላቸዋል፣ ግን ማውለቅ አይፈልጉም።

እናቷ ወለላ የወለቃ ሸክላ ሠሪ ልጅ ናት። ወለቃ ከከተማው በስተሰሜን፣ በእግር ብዙም የማታስኬድ፣ ክርስቲያን ያልሆኑ ሸክላ ሠሪዎች መንደር ናት። የጎንደር ሰው ማሰሮውንና ገንቦውን ከመንደሯ መንገድ ዳር ይገዛል፤ ገዝቶ ሲመለስ ግን የሠሪዎቹ ዓይን እንዳያርፍበት ልጁን በነጠላ ይሸፍናል። ጠይብ ናቸው፣ ቡዳ ናቸው፣ ዓይናቸው ሰው ይበላል ይላቸዋል። አባቷን ፊታውራሪ ክንዴን ከስቅላት ገመድ ያዳነውም ይኸው ፍርሃት ነበር። ክንዴ አምስት ዓመት በአርማጭሆ በረሃ ጣልያንን ሲያስጨንቅ የኖረ ሰው ነው። ነፃነት ሲመጣ ደግሞ፣ ትናንት ለጣልያን ያደረ ዛሬ ሹም ሆኖ ግብር ሊበላ ሲመጣ አየና፣ ያረሰ ይብላ፣ በእጁ የሚሠራ አይናቅ ብሎ ገበሬውን አስነሣ። አመፁ ተሰብሮ ወታደር ቤት ለቤት ሲያስሰው፣ ወታደር ደፍሮ ከማይረግጠው አንድ ጎጆ፣ ከሸክላ መተኮሻው ጉድጓድ ውስጥ ተደበቀ። ፊቱን ጥቀርሻ ቀብታ፣ ማሰሮ የተጫነ አህያ አስነድታ የጓንግን ወንዝ ወደ ሱዳን ያሻገረችው የቤቱ ልጅ ወለላ ነበረች። አሻግራው አልተመለሰችም። ገዳሪፍ ላይ ከሃያ ዓመት በላይ አብራው ኖረች፤ ሰሊጥ ነጋዴዎች በጆንያ ሸሽገው እየወሰዱ በየገበያው የሚያስነብቡትን ጽሑፉን ሲጽፍ ፋኖስ ያዘችለት፤ እማዋይሽን ወለደች፤ በመጨረሻም ዓይኑን ከደነችው። ዘንድሮ መንግሥት ለቤተሰቡ ምሕረት አደረገ። ክንዴ በአገሩ አፈር እንዲገባ ተፈቀደ፤ ሲቀበር ግን አርበኛነቱ ብቻ ይነገር፣ ከዚያ ወዲያ ያለው አይነሣ ተባለ። ካርቱም ዩኒቨርሲቲ ታሪክ ያጠናችው እማዋይሽ ይህን ስትሰማ ስቃ ነበር። ሳቋ አሁን አብሯት የለም።

አጎቷ በሩን ከበስተኋላቸው ዘጉና በኮሪደሩ ክንዷን ይዘው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ስሚ እማዋይሽ። ቀትር ላይ አለቃ ኃይለ ጊዮርጊስ ይመጣሉ። አፅሙ ከመውጣቱ በፊት ቤተሰቡን አቁመው ይጠይቃሉ፤ በግዝት ነው የሚጠይቁት። ወንድሜ ከወይዘሮ ወለተሩፋኤል ጋር ቆርቧል። ቁርባኑን አፍርሶ ከሌላ ሴት፣ ያውም ከጠይብ ልጅ ጋር ኖሯል ከተባለ ፍትሐት የለውም። ይህን ሳጥን ተሸክመን የት እንገባለን? ከቀሃ ወንዝ ዳር ለውሻ እንተወው?»

«ምን በይ ነው የምትሉኝ?»

«ያሳደገችኝ ገረድ ናት በይ። እናቴ ወይዘሮ ወለተሩፋኤል ናቸው በይ። ወታደር ቤቱን የወረሰ ጊዜ ቋራ ወንድማቸው ዘንድ ዓመት ከርመዋል። ቋራ የደረሰች ሴት ገዳሪፍ ወርዳ ወልዳ ተመለሰች ቢባል ማን ይመሰክርባታል?»

«አባቴ ምን ይላል?»

«አባትሽማ» አሉ አጎቷ ወደ ተዘጋው በር እያዩ፣ «ነገር የሚሰማ ቢሆን ኖሮ በሕይወቱ አንድ ቀን ይሰማኝ ነበር።»

«እናቴ ዛሬ ከጎኔ ትቀመጣለች» አለች እማዋይሽ። «እሷ ካልተቀመጠች እኔ ከዚህ ቤት እህል አልቀምስም።» ትናንትም አልቀመሰችም ነበር፤ ያን ጊዜ የመንገድ ድካም ነው ብለው ዝም ብለዋታል።

ወለላ ያደረችው ከጓሮው እንጨት ቤት ነው። እማዋይሽ ስትደርስ ከፍልጡ ላይ ተቀምጣ እጇን እያየች ነበር። እጇ ሰፊ ነው፤ ጭቃ ካቦካች ሃያ ዓመት አልፏታል፣ ጥፍሮቿ ሥር ግን እስካሁን ጭቃ ያለ ይመስላል። ልጇን ስታይ ከእግሯ ሥር ያለውን ፍልጥ ገፋ አደረገች።

«ነይ ፀጉርሽን ልፍታልሽ። ለቅሶ ነው፣ ሹሩባ ይዘሽ አትወጪም።»

እማዋይሽ ከእግሯ ሥር ተቀመጠች። እናቷ ከማጅራቷ ጀምራ ትፈታላት ጀመረች። ውጭ ሰዎች ዳስ ይተክላሉ፤ አንዱ «ወደ ግራ! ምሰሶውን ወደ ግራ አልሁህ፣ ግራህን አታውቅም?» እያለ ይጮኻል፤ ሌላው «ሚስቴ የምትተኛበት ጎን ነው ግራዬ!» ይለዋል፤ ይሳሳቃሉ።

«ወለቃ ሄድሽ ትናንት?» አለች እማዋይሽ።

«ሄድሁ። ወንድሜ ከደጅ ነው ያናገረኝ። ከክርስቲያን ጋር የኖረች የእኛን ደጃፍ አትረግጥም አለኝ። ውሃ በቅል መሬት ላይ አስቀመጠልኝና ዘወር አለ።» አንድ ጉንጉን ፈታችና፣ «እሱስ ደግ ነው። አስቀመጠልኝ» አለች።

«አያ አዘዘ ነገሩሽ?»

«ማታ ነገሩኝ።»

«ምን አልሻቸው?»

«እሷ ታውቃለች፣ የተማረች ናት አልኋቸው።»

እማዋይሽ አንገቷን ልታዞር ፈለገች፤ ፀጉሯ በእናቷ ጣቶች ተይዟል። ወለላ ቀጠለች። «እኔ ሚስት ተብዬ ልጠራ አልልም። አፈር ሲመለስበት ልይ። ያጠብሁት እኔ ነኝ፤ የት እንደገባ ልወቅ። ሌላ አልሻም።»

«ከጎኔ ነው የምትቆሚው፣ እምዬ። ለሁሉም እነግራቸዋለሁ።»

እናቷ የመጨረሻውን ጉንጉን ስትፈታ ሳብ አደረገችው፤ ያማል፣ እማዋይሽ ቻለችው።

ረፋዱ ላይ አጎቷ ከፒያሳ ፎቶግራፍ እንድታመጣ ላኳት፤ ከዳሱ ፊት የሚሰቀል የአባቷ ምስል ነው። ከቤቱ መውጣቷን ስለፈለገችው እሺ አለች። ፎቶ ቤቱ ከአንድ ልብስ ሰፊና ከአንድ ጨው ቸርቻሪ መሀል ነው። ፎቶ አንሺው ቀጭን፣ በጆሮው እርሳስ የሰካ ሰው ሲሆን፣ ሥራውን በጋዜጣ ጠቅልሎ አስቀምጦት ነበር። ሲገልጠው እማዋይሽ ወዲያው አወቀችው፤ ኦምዱርማን ላይ ሦስቱም አብረው የተነሡት ነው። ከእሷ ሣጥን አጎቷ የወሰዱት መሆን አለበት። አሁን ግን ትልቅ ሆኗል፣ ውስጡ ያለውም ሰው አንድ ብቻ ነው። እሷ የለችም፤ ሕፃን ነበረች። እናቷም የለችም። በአባቷ ግራ በኩል ያለው ቦታ በብሩሽ ግራጫ ተቀብቷል።

«እጁ ነው ያስቸገረኝ» አለ ፎቶ አንሺው፣ እንደ ባለሙያ ኩራት እየተሰማው። «ሴትዮዋ ትከሻ ላይ ነበር የተቀመጠው። ሴትዮዋን ሳጠፋት እጁ አየር ላይ ቀረ። ሦስት ጊዜ አበላሸሁት። በመጨረሻ ወንበር ሣልሁለት፤ ይኸው ወንበሩን የተደገፈ መሰለ። የመኳንንት ወንበር ነው፣ ከነገሥታቱ ግቢ ካየሁት ነው የቀዳሁት። አሥራ አምስት ብር ነው ያልነው፤ ቀኛዝማች ከፍለዋል።»

«ሴትዮዋ ማን ናት አሉህ?»

«ገረድ ናት አሉኝ። ምነው፣ ታውቂያታለሽ?»

እማዋይሽ ፎቶውን ተቀብላ ወጣች። ታሪክ እንዲህ እንደሚሠራ ካርቱም ላይ ተምራለች፤ መምህሮቿ ስለ ነገሥታትና ስለ ድል አድራጊዎች እየጠቀሱ አስረድተዋታል። በአሥራ አምስት ብር እንደሚሠራ ግን አልነገሯትም። ከልብስ ሰፊው ደጅ ቆማ ልትቀደው አሰበች። ከዚያ የአባቷን ፊት አየች። ፊቱ ሙሉ ነው፣ ምንም አልተነካበትም፤ ሌላ ትልቅ ፎቶግራፍ የለውም። ይህን ከቀደደች ዛሬ ሰው የሚያለቅሰው በባዶ ምሰሶ ፊት ነው። ዛሬን ይለፍ፣ ዋናውን በኋላ አሳጥበዋለሁ ብላ አሰበች። «በኋላ» የሚለው ቃል ከጎኗ ተለጥፎ እስከ ቤት ድረስ አብሯት ሄደ።

ዳሱ ሞልቶ ነበር። አልቃሿ እንኳየሁ፣ ከደንቢያ እስከ ወገራ ለለቅሶ የምትጠራ ድምፀ ወፍራም ሴት፣ መቀነቷን ጠበቅ አድርጋ ለሥራዋ ወሬ ትለቅማለች። እማዋይሽን ስታይ በእጇ ጠራቻት።

«ነይ የኔ ቆንጆ፣ ወሬ ስጪኝ። ያለ ወሬ ሙሾ አይወጣም። የጣልያኑንስ ሁሉም ያውቀዋል፣ ተሰልችቷል። ስደቱን ንገሪኝ። በሰው አገር ማን ነበረው?»

እማዋይሽ አፏን ከፈተች። ከትከሻዋ በስተኋላ የአጎቷ ድምፅ ቀደማት። «ማንም አልነበረው።»

«ማንም?»

«ማንም። አንዲት ገረድ ብቻ።»

«እሱስ ለሙሾ ሸጋ ነው!» አለች እንኳየሁ፣ ከልቧ ደስ ብሏት።

አለቃ ኃይለ ጊዮርጊስ ቀትር ላይ መጡ። ሽማግሌ ናቸው፤ ጥላ የሚይዝላቸው ዲያቆን አስከትለዋል፤ ከመቀመጣቸው በፊት ወገባቸውን እየያዙ ስለ ዳገቱ አማረሩ፤ ክፉ ሰው አይመስሉም ነበር። ወገኑ በሙሉ ወደ ሳሎን ገባ። ሳጥኑ መሀል ላይ በቀይ ጨርቅ ተሸፍኖ ተቀምጧል። በጓሮ በኩል ያለው በር ተከፍቶ ስለነበር እማዋይሽ ከቆመችበት እናቷን ታያታለች፤ ለማብሰያ የሚሆን ፍልጥ በክንዷ ታቅፋ ከበሩ ትይዩ ቆማለች። ማንም ሥራ አላዘዛትም፤ ባዶ እጇን ለመቆም ስለተቸገረች ያነሣችው መሆኑን እማዋይሽ አወቀች።

አለቃ አንድ ሁለት ሰው ከጠየቁ በኋላ ወደ እሷ ዞሩ። «የክርስትና ስምሽ ማን ነው ልጄ?»

«ለተ ማርያም።»

«የት ተጠመቅሽ?»

«ካርቱም፣ ከግብጦቹ ቤተ ክርስቲያን።»

«እምነታችን አንድ ነው፤ ይሁን።» መስቀላቸውን ከፍ አደረጉ፤ ድምፃቸው ሌላ ሆነ። «እውነቱን የሚሸሽግ በጴጥሮስ በጳውሎስ ሥልጣን የተገዘተ ይሁን። አባትሽ ቁርባኑን እንደ ጠበቀ ነው የሞተ? ያቺ ከጓሮ የቆመችው ሴት ማን ናት?»

ግዝቱ እማዋይሽን አላስፈራትም፤ በግዝት ማመን ካቆመች ቆይታለች። ያስፈራት ሳጥኑ ነው። ሳጥኑ አጭር ነው፤ በጎኑ የሻይ ኩባንያ ማኅተም አለበት፤ ቁመቱ ዘንግ የሚያህል ሰው እዚያ ውስጥ ተጣጥፎ ተቀምጧል። ሲሞት ከአልጋው «አፈሬን ጎንደር» ብሏታል፤ ለእናቷ ሳይሆን ለእሷ ነው ያላት። ዛሬ ተመልሶ መኪና ላይ ሲጫን ታያት። ከቀሃ ዳር ጉድጓድ ሲቆፈርለት፣ ልጆች ድንጋይ ሲወረውሩበት ታያት። ቃል ነው፣ አንድ ቃል ብቻ ነው፣ እናቴ ታውቀዋለች፣ ማታ እግሯ ላይ ወድቄ እነግራታለሁ አለች በልቧ። እናቷ ከበሩ ትይዩ ዓይኗን አልነቀለችም። እንድትናገር አልለመነችም፤ እንዳትናገርም አልለመነችም።

«ገረዳችን ናት» አለች እማዋይሽ።

«እናትሽስ?»

«እሳቸው ናቸው።»

የወይዘሮ ወለተሩፋኤል እጅ ከጎኗ መጥቶ መዳፏን ያዘው። ደረቅ፣ ትኩስ እጅ ነበር፤ አሮጊቷ እውነታቸውን እያለቀሱ ነው። ከጓሮው አንድ ፍልጥ መሬት ወደቀ። ወለላ ጎንበስ ብላ አነሣችውና ከሌሎቹ ጋር ደረበችው።

«ገረዲቱ ክርስቲያን ናት?»

«አይደለችም።»

«እንግዲያው የቤተ ክርስቲያኑን አጥር አታልፍም» አሉ አለቃ፣ ወገባቸውንም ይዘው ተነሡ። «በሉ፣ ፀሐይ ሳይብስ እንውጣ።»

ዳገቱ ረጅም ነበር። ከፊት ካህናት፣ ከዚያ ሳጥኑ፣ ከሳጥኑ ኋላ የክንዴን ካባና ጠመንጃ የተጫነ ፈረስ፤ ካባውም ጠመንጃውም ከሌላ አርበኛ የተዋሱት ነው፣ የእሱን ወታደር ወርሶታል። እማዋይሽ በወይዘሮ ወለተሩፋኤል ክንድ ተይዛ ሄደች። ከአጥሩ ስትገባ አንዴ ዞር ብላ አየች፤ እናቷ ከሰልፉ መጨረሻ፣ ከለማኞቹ ጀርባ፣ ለብቻዋ ትመጣለች። ከዚያ አላየቻትም። ጉድጓዱ ዘንድ አጎቷ ንግግር አደረጉ። የጣልያንን ታንክ፣ የአርማጭሆን በረሃ፣ የጥይቱን ቁጥር ሳይቀር ተናገሩ፤ ነፃነት ላይ ሲደርሱ ትንፋሽ ወሰዱና «ከዚያም በስደት አረፈ» ብለው ጨረሱ። ያረሰ ይብላ ብለው ስላመፁት ገበሬዎች አንድ ቃል አልወጣም። ከኋላ የቆሙ አንድ ባላገር፣ እግራቸው የተሰነጣጠቀ፣ «ኧረ ሌላም ነበረ» ብለው አጉረመረሙ፤ ጎናቸው የቆመው ጎሸም አደረጋቸውና ዝም አሉ። እንኳየሁ ደረቷን እየመታች ተነሣች፦

«ክንዴ የጦር አውራ፣ የጣልያን መጋኛ፣
በሰው አገር ቀረህ ሳይኖርህ ጓደኛ።»

ሴቶቹ ተቀበሏት፤ ደጋግመው ተቀበሏት፤ «ሳይኖርህ ጓደኛ» የሚለው ቃል ከአጥሩ ድንጋይ ጋር እየተጋጨ ወደ ውጭ ወጣ። እማዋይሽ አጥሩን ቀና ብላ አየች። ከድንጋዩ በላይ ሁለት ሰፋፊ እጆች ብቻ ይታያሉ፤ አንድ ሰው በጣቶቹ ተንጠልጥሎ ወደ ውስጥ ሊያይ ይታገላል። የደብሩ ዘበኛ በዘንጉ ጣቶቹን መታ መታ አደረጋቸው፤ እጆቹ ጠፉ። አፈሩ የተመለሰው ከዚያ በኋላ ነው።

ከቀብር መልስ ዳሱ ውስጥ ለመተንፈስ የሚያስቸግር ሙቀት ነበር። የወጡ ጨው፣ የቅቤው ሽታ፣ የላብ ሽታ ተደባልቋል። እማዋይሽን ከአለቃና ከወይዘሮ ወለተሩፋኤል መሀል አስቀመጧት። አሁን ሰዎች ያዩዋታል፤ «ቁርጥ እናቷን!» ይላል አንዱ፤ «ግንባሯን አይተሃል? የወለተሩፋኤል ግንባር ነው» ይላል ሌላው፤ ወይዘሮ ወለተሩፋኤል አንገታቸውን ደፍተው ይሰማሉ። ምግብ ፊቷ ቀረበ፤ አልነካችውም። ጠዋት ያለችው ቃል ትዝ አላት። ከዛሬ ቃሎቿ ሁሉ ያልበላችው ይህንን ብቻ ስለሆነ አጥብቃ ያዘችው። በዳሱ ቅጠል መሀል ጓሮው ይታያል። እናቷ ከእንጨት ቤቱ ግድግዳ ተደግፋ ቆማለች፤ ጣቶቿን በነጠላዋ ጠቅልላቸዋለች፤ የምታየው እማዋይሽን ነው። ወደ ፊቷ፣ ከዚያ ወደ ሳህኗ፣ ከዚያ ተመልሳ ወደ ፊቷ ታያለች፤ ልጄ ለምን አትበላም የምትል እናት እንደምታይ።

እማዋይሽ ተነሣች። ምን ልታደርግ እንደሆነ አላወቀችም፤ ወደዚያ ለመሄድ ብቻ ነው የተነሣችው። ሁለት እርምጃ ሄደችና ዳሱ ጠቆረባት፤ መሬቱ ከጉንጯ ጋር ተጋጨ።

ስትነቃ የሰው እግር ከቧታል። አውራ ጣቶቿን ሁለት ሰዎች አንቀው ይዘዋል፤ ጤና አዳም ጨፍልቀው ከአፍንጫዋ ሥር አስጠግተዋል።

«ስታያት ነበር! በዓይኔ ነው ያየሁ!»

«ማን?»

«ያቺ ከጓሮ ያለችው! ከምግቡ ዓይኗን አልነቀለችም!»

«ጠይብ ናት እኮ፣ ከወለቃ ናት አሉ! ማን ነው ከግብር ፊት ያቆማት?»

«ዝም በሉ፣ ራሷ ትናገር። ማን በላሽ? ስሟን ጥሪ! ስሟን!»

እማዋይሽ አልሰማቻቸውም ማለት ይቻላል። ልጅ ሆና ወባ ስትይዛት እንደምታደርገው እናቷን ነው የፈለገችው። «እምዬ» ልትል ከንፈሯን አላቀቀች። ከፊቷ በላይ የወይዘሮ ወለተሩፋኤል ፊት ጎንበስ ብሎ «እዚህ ነኝ ልጄ፣ እዚህ ነኝ» አላት። «እምዬ» ብላ ብትጠራ የሚመጡት እሳቸው ናቸው። ያቺን የምትጠራበት፣ የቀራት ቃል አንድ ብቻ ነበር።

«ወለላ» አለች።

ዳሱ ጮኸ። «ለፈለፈች! ስሟን ጠራች!» ወንዶች ወደ ጓሮ ሮጡ። ወለላን በነጠላዋ እየጎተቱ አመጧት፤ አንዱ ከኋላዋ በፍልጥ ይገፋታል። ከልጇ ራስ አጠገብ በጉልበቷ ጣሏት።

«እንትፍ በይባት! ልቀቂያት!»

«ርቧት ነው» አለች ወለላ። «ትናንትም ዛሬም እህል አልቀመሰችም። ውሃ ስጧት፣ ከዚያ ትንሽ…»

በጥፊ መታት አንዱ። «አንቺ ነሽ ስለ እሜቴ የምትነግሪን? እንትፍ በይ አልሁሽ!»

እማዋይሽ ዓይኗ ተገልጧል። ሁሉንም አጥርታ ታያለች፤ መናገርም ትችላለች። አጎቷን አየቻቸው፤ ከሰዎቹ ጀርባ ቆመው እሷን ብቻ ይመለከታሉ፤ ራሳቸውን በጣም በቀስታ፣ ግራና ቀኝ ነቀነቁ። አለቃ መስቀላቸውን አውጥተው ይጠብቃሉ። እናት ልጇን አትበላም፤ ይህን ዳሱ ውስጥ ያለ ሁሉ ያምናል፤ «እናቴ ናት» ብትል ፍልጡን ይጥሉታል። ግን አለቃም ይሰማሉ፤ አፈሩም ገና እርጥብ ነው፤ ያስገቡትን ማውጣት ቀላል ነው። ዝም አለች። እናቷ ዝምታዋ እስኪገባት ጠበቀች። ወለላ ፊቷን ለረጅም ጊዜ አየቻት፤ የሆነ ነገር ከዓይኗ ሲወጣና ሌላ ሲገባ እማዋይሽ አየች።

ከዚያ ወለላ ምራቋን አጠራቀመችና ከልጇ ፊት ላይ፣ ከሁለት ዓይኖቿ መሀል፣ እንትፍ አለችባት።

«እሰይ! ለቀቀቻት!»

«ተመስገን!»

ወለላን አንሥተው ወደ አጥር በሩ ነዷት። አልታገለችም። ጥቅሏን ከእንጨት ቤት አምጥተው ከኋላዋ ወረወሩላት፤ በሩ ተቀረቀረ። ወይዘሮ ወለተሩፋኤል በነጠላቸው ጫፍ የእማዋይሽን ፊት እየጠረጉ «ሞቼልሽ፣ ሞቼልሽ፣ እናትሽ ልሙትልሽ» ይሉ ነበር። ደግፈው አስቀመጧት። ሰው ሁሉ ወደ ቦታው ተመለሰ፤ ግን ማንም አልበላም፤ ሁሉም እሷን ይጠብቃል። ቀኛዝማች አዘዘ ከፊቷ ቁጢጥ ብለው ትልቅ ጉርሻ ጠቀለሉ።

«በይ ልጄ» አሉ ጮክ ብለው፣ ዳሱ እንዲሰማቸው። «ጉረሺ። መዳንሽን ሰው ይይልሽ።»

እማዋይሽ አፏን ከፈተች። አጎቷ አጎረሷት። አኘከች፤ ሰው ሁሉ ጉሮሮዋን እያየ ነው፤ አኘከች፤ ከአጥሩ ውጭ የሚርቅ የእግር ኮቴ የሰማች መሰላት፤ ዋጠች።

«እግዚአብሔር ይመስገን» አለ ዳሱ ሁሉ፣ ወደ ምግቡም ጎነበሰ። ቀኛዝማች ሁለተኛውን ጉርሻ ይጠቀልሉ ጀመር።